የአስታዋሹ ዝምታ

ሰውየውን ያገኘኋቸው በአጋጣሚ ነው። የተማሪዎቼን የመመረቂያ ጽሑፎች ለማስጠረዝ ወደ አንድ ጥራዝ ቤት ገብቼ ተራዬን ስጠብቅ፣ ከፊቴ የቆሙት ሽማግሌና ጠራዡ አንድ ያረጀ ደብተር ከወዲህና ከወዲያ ይዘው ይጓተቱ ነበር። ጠራዡ በግራ እጁ ሙጫ የነካ ብሩሽ፣ በቀኙ የደብተሩን ጫፍ ይዟል። ሽማግሌው ግን የያዙት በሁለት እጃቸው ነው።

«አባቴ፣ ካልለቀቁልኝ እንዴት አድርጌ ልጠርዘው?»

«ጠርዘው አልኩ እንጂ ውሰደው አላልኩህም።»

«ታዲያ እርስዎ እንደያዙት ነው የምሰፋው?»

«እኔ እይዝልሃለሁ፤ አንተ ስፋ።»

«እጅዎን አብሬ ብሰፋውስ?»

«ስፋው። ከዚህ ደብተር ጋር መሰፋት ለእኔ አዲስ አይደለም።»

በሰው ጭንቀት መሳቅ እንደማይገባ አውቃለሁ፤ ሆኖም ሳላስበው ሳቅሁ። ሽማግሌው ዞር ብለው አዩኝ።

«ይሳቁ እመቤቴ፣ ይሳቁ። ለመሆኑ እርስዎ ልጅዎን ሐኪም ዘንድ ሲወስዱ እጁን ይለቃሉ?»

«መርፌው ተወግቶ እስኪያልቅ አልለቅም» አልኳቸው።

«ሰማህ? የተማረ ሰው መስክሯል!» አሉት ጠራዡን።

በመጨረሻ ስምምነት ተደረገ። ጠራዡ እዚያው ዓይናቸው ሥር እንዲሰፋው፣ እሳቸውም በክንድ ርቀት አግዳሚ ወንበር ላይ እንዲቀመጡ ሆነ። እኔም አጠገባቸው ተቀመጥኩ። የደብተሩ ሽፋን ወደ ላይ ሲገለበጥ በደበዘዘ ቀለም የተጻፈውን አነበብኩ፤ «የተቆለፈው በር» ይላል።

የቴአትር ታሪክ ሳስተምር ሃያ ዓመት ሊሞላኝ ነው። ስለዚህ ተውኔት የማውቀው በአንድ የጥናት መጽሐፍ የግርጌ ማስታወሻ ላይ ያለችውን አንዲት መስመር ብቻ ነበር፤ መስመሯም «ጽሑፉ አልተገኘም» ብላ ትጨርሳለች። ለተማሪዎቼም እንደዚያው ብዬ አስተምሬያለሁ። አልተገኘም ያልኩት ነገር አሁን ሙጫ እየሸተተ፣ ክር እየገባበት ከፊቴ ተቀምጧል።

«እርስዎ... በዚህ ቴአትር ላይ ተጫውተዋል?» አልኳቸው።

«ኧረ እኔ! እኔ አስታዋሽ ነበርኩ» አሉኝ። «ተዋናይ ቃል ሲጠፋበት ከመጋረጃ ጀርባ ሹክ የሚል ሰው አለ አይደል? እሱ ነኝ። ጓደኞቼ ጋሽ ሹክታ ነበር የሚሉኝ። ሠላሳ አንድ ዓመት ሹክ ብያለሁ፤ ሚስቴ ቤት ውስጥ እንኳ ጮክ ብለህ ተናገር እያለች ስትቆጣኝ ነው የኖረችው።»

የጽሑፉን መጥፋት ምክንያትም ከእሳቸው ተረዳሁ። በዚያ የቴአትር ቡድን ልማድ ለተዋንያን የሚሰጠው የየራሳቸው ንግግር ብቻ ነበር፤ ከእሱም በፊት የሚመጡት ሦስት ቃላት ለምልክት ይጻፉላቸዋል። ሙሉው ተውኔት የሚገኘው በአንድ ቦታ፣ በአስታዋሹ ደብተር ውስጥ ነው። ደራሲዋ የትምህርት ቤት መምህርት ነበሩ። ሊሞቱ ሲሉ ደብተሩን በእኚህ ሰው እጅ አኑረው «አደራህን እንዳይበላሽብኝ» አሏቸው። አዳራሹ ከተዘጋ ሰባት ዓመት ሆኖታል።

ተውኔቱ ከዛሬ መቶ ዓመት በፊት በአንድ የክር ፋብሪካ የሆነውን ይናገራል። ሁለት መቶ ሴቶች ጠዋት ይገባሉ፤ በሩ ከውጭ ይቆለፋል፤ ማታ ይከፈታል። ምክንያቱ ክር እንዳይሰረቅ ነው። አንዲት መምህርት፣ አንዲት ነርስና ፊደል የማትለይ አንዲት ፈታይ ሁለት ዓመት ሙሉ የጣት አሻራ እየሰበሰቡ አቤቱታ ያዘጋጃሉ። የፋብሪካው አለቃ ወረቀቱን አልቀበልም ሲል፣ ሴቶቹ አንዲት ቃል ሳይተነፍሱ መኪናቸውን ተራ በተራ ያቆማሉ። ከረጅም ዝምታ በኋላ ፈታይዋ ብቻ ትናገራለች፤ «በሩን ክፈቱልን። ሥራችንን ስንጨርስ በራሳችን እግር እንወጣለን» ትላለች።

ሽማግሌው ይህን የመጨረሻ ቃል ሲነግሩኝ እንደ ልማዳቸው በሹክሹክታ ነበር። የጠራዡ መርፌ ቆመ።

በዚህ መሐል አንዲት ወጣት የድምፅ ማዳመጫ አንገቷ ላይ እንዳንጠለጠለች እያለከለከች ገባች።

«ጋሼ! ቤት ብሄድ የሉም፤ ደብተሩንም ይዘው ጠፉ!»

«አልጠፋሁም፤ ሸሸሁ እንጂ» አሉ። ከዚያም ወደ እኔ ዞረው «የእህቴ ልጅ ናት። እኔ ነኝ ያሳደግኋት፤ ስለዚህ የምትሠራው ጥፋት ግማሹ የእኔ ነው። ራዲዮ ጣቢያ የድምፅ ባለሙያ ናት። ይህንን ተውኔት በራዲዮ ላድርገው ብላ ቁም ስቅሌን ታሳየኛለች» አሉኝ።

ወጣቷ እጅ ነሳችኝና ከጎናቸው ተቀመጠች። «የፊታችን ሐሙስ ነው ጋሼ። ሰዓቱ ተይዟል፣ ተዋንያኑ ተዘጋጅተዋል። የቀረው የእርስዎ እሺታ ብቻ ነው። እንቢ ካሉ በእኛ ቦታ ስለ ጥርስ ሳሙና ያወራሉ።»

«ያውሩ። ጥርስ መፋቅም መልካም ነገር ነው።»

«ጋሼ!»

«ምን ‹ጋሼ› ትይኛለሽ? ቴአትር የዓይን ነገር ነው ልጄ። ሁለት መቶ ሴት ቆማ የምትታይበትን ነገር በአንዲት ሳጥን ውስጥ ልትከቺው ነው? ሰው ሽንኩርት እየከተፈ፣ ልጁን እየተቆጣ ሊሰማው? ተመልካች እኮ ልብሱን ቀይሮ፣ ተላጭቶ፣ ወንበሩን ፈልጎ የሚቀመጥ ሰው ነው።»

«ሽንኩርት የሚከትፍ ሰውስ ሰው አይደለም?»

«ሰው ነው። ግን ሽንኩርቱ ነው የሚያስለቅሰው፤ የእኛ ቴአትር አይደለም።»

ጠራዡ በሳቅ መርፌው ወደቀበት። ልጅቷ ግን አልሳቀችም።

«ጋሼ፣ ደብተሩን ማን ያነበዋል? እስቲ ይንገሩኝ። አዳራሹ ተዘግቷል። ዋናዋ ተዋናይት ሞታለች። የእርስዎም ዓይን እየደከመ ነው። ነገ አንድ ነገር ቢሆኑ ይህ ደብተር ምን ይሆናል?»

«አብሮኝ ይቀበራል።»

«አደራ እንዲህ ነው የሚጠበቀው?»

ሽማግሌው ፊታቸው ተለወጠ። ጣልቃ ልገባ አስቤ ተውኩት፤ ጥያቄው ለእኔም ነበርና። ስንት ነገር እንዳይበላሽ ብለን ቆልፈንበት በቁልፉ ምክንያት እንደ ሞተ፣ በመዛግብት ቤቶች ውስጥ በኖርኩባቸው ዓመታት አይቻለሁ። ሆኖም የሽማግሌው ስጋት ከንቱ እንዳልነበረ ወዲያው ተረዳሁ፤ ልጅቷ «እስቲ ሰምተው ይፍረዱ» ብላ ስልኳን አወጣች። ከልጅነቷ ጀምሮ እሳቸው በቃላቸው ሲደግሙት የሰማችውን የመጨረሻውን ክፍል ጽፋ ለሙከራ ቀድታው ኖሯል።

ስልኩን በወረቀት መቁረጫው ጠረጴዛ ላይ አኖረችው። መኪኖቹ ጮኹ። በጣም ብዙ ነበሩ፤ ጥራዝ ቤቱ የጠበበ መሰለኝ። አለቃው ተሳደበ። ከዚያ በስተቀኝ አንዱ መኪና ቆመ። በስተግራ ሌላው ቆመ። ሦስት፣ አራት፣ አሥር... እያንዳንዱ ሲቆም ከኋላው የነበረው ይሰማል፤ እሱም ይቆማል። በመጨረሻ አንድ ብቻ ቀረ። እሱም ዝም አለ። የገላዬ ጠጉር ቆመ ብል አላጋነንኩም።

ያን ጊዜ ግርማ ያለው የወንድ ድምፅ እንዲህ አለ፤ «አሁን ሴቶቹ ሁሉ እጃቸውን አጣጥፈው፣ አለቃውን በቁጣ እየተመለከቱ፣ በታላቅ ዝምታ ቆመዋል።»

«አጥፊው!» ሽማግሌው ከወንበራቸው ተነሡ። ሠላሳ አንድ ዓመት በሹክሹክታ የኖረ ሰው እንዲህ ይጮኻል ብዬ አልጠበቅሁም። «አጥፊው አልኩሽ! ዝምታ ነው ብሎ እየለፈለፈ!»

«ታዲያ ምን ላድርግ?» አለች ልጅቷም ድምፅዋን ከፍ አድርጋ። «ራዲዮ ላይ ከስድስት ሰከንድ በላይ ዝምታ ብልሽት ነው! የቴክኒክ ክፍሉ ይሯሯጣል፤ አድማጩ ጣቢያ ይቀይራል። ግማሹ ደግሞ ራዲዮዬ ሞተ ብሎ በጥፊ ይመታዋል! አንድ ሰው ማስረዳት አለበት።»

ሽማግሌው ወደ ጠራዡ ሄደው ተሰፍቶ ሊያልቅ የቀረበውን ደብተር ወደ መጨረሻው ገለጡት። በገጹ መሐል በቀይ እርሳስ፣ ወረቀቱ እስኪጎደጉድ በተጫነ እጅ «ዝም በል» ተጽፏል። ከሥሩ «እስከ አርባ ቁጠር» ይላል።

«ይህንን ለማን የጻፍኩት ይመስልሻል?» አሉ ቀስ ብለው። «ለራሴ ነው። ለማንም ነግሬ አላውቅም፤ ለአንቺም ጭምር። የመጀመሪያው ቀን አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል። መኪኖቹ ቆሙ። ዝም ተባለ። እኔ አዲስ አስታዋሽ ነኝ። አምስት ቆጠርኩ፣ ስድስት ቆጠርኩ፤ ተዋናይቷ አትናገርም። ቃሉ ጠፋባት አልኩ። አንገቴን አውጥቼ ‹በሩን ክፈቱልን› ብዬ ሹክ አልኩላት። ሰው ሁሉ ሰማኝ። ከፊተኛው ረድፍ አንዱ ሳቀ። ከዚያ አዳራሹ በሙሉ ሳቀ። ሁለት ዓመት አሻራ የሰበሰቡ ሴቶች በእኔ ምክንያት ተሳቀባቸው። ደራሲዋ ምንም አላሉኝም። መጥተው እርሳሱን ብቻ ሰጡኝ።»

ልጅቷ ስልኳን ጠረጴዛው ላይ እንዳለ ተወችው። ለረጅም ጊዜ ቀዩን ጽሕፈት አየች።

«እኔም ያደረግኩት ይህንኑ ነው» አለች። «ሹክ አልኩላቸው።»

«ልክ እንደኔ። ሰዎቹን አላመንሻቸውም።»

ክርክሩ በዚህ ያበቃ፣ ያሸነፉትም ሽማግሌው መስሎኝ ነበር። ልጅቷ ግን በረጋ ድምፅ አንድ ጥያቄ አነሣች።

«ጋሼ፣ መቀመጫዎ የት ነበር?»

«ከመጋረጃው ጀርባ፣ በስተግራ። አንዲት ደረቅ ወንበርና አንዲት ትንሽ አምፖል ነበረችኝ።»

«ከዚያ ምን ይታያል?»

«ከዚያማ...» አሉና ፈገግ አሉ፤ «የዋናዋ ተዋናይት ተረከዝ። እሱም መድረኩ ጫፍ ድረስ ስትመጣ ነው። ጥሩ ተረከዝ ነበራት፣ ነፍሷን ይማረውና።»

«ሴቶቹ ሲቆሙስ? ፊታቸው?»

«ፊታቸውን ከየት አምጥቼ!»

«እንግዲያው ይህን ቴአትር አይተውት አያውቁም።»

ሽማግሌው በእጃቸው የአግዳሚውን ጠርዝ ፈልገው ያዙና ተቀመጡ።

«አላየሁትም» አሉ። ይህን ያሉት ለእኛ አልነበረም። «ሠላሳ አንድ ዓመት... አንድም ቀን አላየሁትም።»

«እኔም አላየሁትም» አለች እግራቸው ሥር ቁጢጥ ብላ። «ልጅ ሆኜ እርስዎ ጨለማ ውስጥ ሲደግሙት ነው የሰማሁት። የመኪኖቹን ድምፅ በምላስዎ እያሰሙ ነበር የሚያቆሟቸው። ስለዚያ በር የማውቀውን ሁሉ የማውቀው በጆሮዬ ነው። ለእኔና ለእርስዎ የበቃ ነገር ለሌላው ሰው ለምን ያንሰዋል?»

«በዚያ ዝምታ ውስጥ ምን ይሰማዎት ነበር?» ብዬ ጠየቅኋቸው፤ የዚያን ቀን የተናገርኩት የሚረባ ነገር ይህ ብቻ ሳይሆን አይቀርም።

ዓይናቸውን ጨፈኑ። «በመጀመሪያ የሴቶቹ ትንፋሽ ነው። እስከ አሥር ድረስ እኩል አይደለም፤ ከአሥር በኋላ አንድ ላይ መተንፈስ ይጀምራሉ፤ ማንም ያስተማራቸው የለም። ሃያ ላይ የእንጨቱ ወለል ይንቋቋል፤ የአለቃው እግር ነው፤ ፈርቷል። ሠላሳ ላይ ተመልካቹም መተንፈስ ያቆማል። አራት መቶ ሰው ትንፋሹን ሲይዝ ልጄ፣ አየሩ ራሱ ይከብዳል፤ መጋረጃው ጉንጬን ይነካኝ ነበር። አርባ ላይ እሷ ትናገራለች። በየቀኑ ይህንኑ ነው የሰማሁት።»

እኔ በብዙ አዳራሾች በክብር ወንበር ተቀምጬ ብዙ አይቻለሁ፤ እኚህ ሰው ከመጋረጃ ጀርባ የሰሙትን ያህል ግን አንድም ቀን አላየሁም። ያን ጊዜ የተሰማኝን ከአድናቆት ይልቅ ፍርሃት ብል ይቀርባል።

ሽማግሌው ተነሥተው ደብተሩን ከጠራዡ ተቀበሉ። ጥራዙን በመዳፋቸው መታ መታ አደረጉት። ከዚያ ለልጅቷ ሰጧት።

«አርባ ቁጥር» አሉ። «ሠላሳ ዘጠኝ ካደረግሽው ቤቴ እንዳትመጪ።»

«የቴክኒክ ክፍሉ ያብዳል።»

«ይበድ። ያም ለፍላፊ ሰውዬ አይኑርበት።»

«አይኖርበትም። አሥር ላይ የሚጀምረውን ትንፋሽ ግን እርስዎ መጥተው ያሳዩን።»

መጡም። ስቱዲዮ ውስጥ ከመስታወቱ ወዲያ ቆመው በጣታቸው ሲቆጥሩ፣ ወጣቶቹ ተዋንያን ዓይናቸውን ከጣቶቻቸው ላይ ሳይነቅሉ መተንፈስን ተማሩ፤ ድራማውም ተቀዳ። ልጅቷ ለቴክኒክ ክፍሉ ዝምታው ብልሽት እንዳልሆነ የሚገልጽ ደብዳቤ ጻፈች፤ ደብዳቤውን እኔ አረምኩላት።

ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ሽማግሌው ስቱዲዮ ሄደው ለመስማት አልፈለጉም። «ሰው በሚሰማበት ቦታ ውሰዱኝ» አሉ። ልጅቷም የምታውቀው አንድ የልብስ ስፌት ቤት ወሰደችን፤ እዚያ የሚሠሩት ሴቶች በየቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ራዲዮ ድራማ ይሰማሉ። የብረቱን በር አንኳኳን። የስፌት ቤቱ አለቃ፣ ሰፊ ትከሻ ያላት ሴት፣ ከፍታ አስገባችን፤ መልሳ ቆለፈችውና ቁልፉን ሽርጧ ኪስ ከተተችው። «ጨርቅ እንዳይወጣ ነው» አለች፣ ማንም ሳይጠይቃት። ሽማግሌው ወደ ቁልፉ ድምፅ አንገታቸውን አዘነበሉ።

ሠላሳ ያህል ሴቶች መኪናቸው ላይ አጎንብሰዋል። ራዲዮው የጨርቅ ጥቅል ላይ ተቀምጦ ይጮኻል። ድራማው ሲጀመር ማንም ቀና አላለም።

«ይቺ መምህርት አፏ አያርፍም» አለች አንዷ።

«አንቺን ነው የምትመስለው» አለቻት ሌላዋ።

ነርሷ ስትመጣ ሳቁ፤ ፈታይዋ አሻራ ልትለምን በየቤቱ ስትሄድ ሳቁ ቀነሰ። ወረቀቱ ላይ ጣቷን ያሳረፈችው የመጀመሪያዋ ሴት «እጄ ቆሻሻ ነው፤ አይሆንም?» ስትል፣ ከፊቴ ያለችው ልብስ ሰፊ የራሷን ጣት አየች።

በራዲዮ ያሉት መኪኖች መቆም ጀመሩ። አንዱ። ሌላው። መጀመሪያ አላስተዋልኩም ነበር፤ ክፍሉም ጸጥ እያለ ነው። አንዲቷ እግሯን ከፔዳሉ ላይ አነሣች። ከጎኗ ያለችውም። የትኛው መኪና የራዲዮው፣ የትኛው የቤቱ እንደሆነ መለየት አቃተኝ። በስተኋላ አንድ ብቻ ሲያንቀጫቅጭ ቆየ። እሱም ቆመ።

አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት... የሽማግሌው ከንፈር ይንቀሳቀስ ነበር። ሰባት ላይ አንዲት ልጅ ራዲዮውን ልትመታ ተነሣች፤ ጎረቤቷ ቀሚሷን ይዛ አስቀመጠቻት። አሥር ላይ ትንፋሹ አንድ ሆነ፤ የራዲዮው ይሁን የእኛ አላውቅም። የልጅቷ እጅ የአጎቷን ክንድ እንደ መቀስ ነክሶታል። ሠላሳ ላይ ማንም አይተነፍስም ነበር። በሕይወቴ ያን የመሰለ ነገር አልሰማሁም፤ የሰማሁት ምን እንደሆነ ብጠየቅም «ምንም» ከማለት ሌላ መልስ የለኝም።

«በሩን ክፈቱልን» አለ ራዲዮው። «ሥራችንን ስንጨርስ በራሳችን እግር እንወጣለን።»

ማንም አላጨበጨበም። ሠላሳ ፊቶች ወደ አንድ ወገን ዞሩ፤ የዞሩት ወደ ራዲዮው አልነበረም። አለቃዋ እጇን ሽርጧ ኪስ ውስጥ ከትታ ቆማለች። ጉሮሮዋን ጠረገች።

«ምን ታፈጡብኛላችሁ?» አለች። «ሙቀቱ ገደለን እኮ።» ሄዳ በሩን ከፈተች፤ ወለል አድርጋ፤ እንዳይዘጋም አንድ የጨርቅ ጥቅል ገፍታ ደገፈችው። ብርሃን እስከ መጨረሻዋ መኪና ድረስ ገባ። ሴቶቹ ወደ ሥራቸው ተመለሱ። አንዷም አልወጣችም፤ አንድ ክንድ ጨርቅም አልወጣም።

በመንገድ ላይ ሽማግሌው ድንገት ቆሙ።

«ስሙኝ፤ ተሳስቼ ነበር» አሉ። «አዳራሻችን አራት መቶ ወንበር ነበረው። ያ ወንበር ልብስ ለመቀየር ጊዜ ላለው ሰው ነበር። ከሥራዋ መውጣት የማትችል ሴት አንድም ቀን አልተቀመጠችበትም። ስለ ተቆለፈባቸው ሴቶች የተጻፈውን፣ ተቆልፎባቸው ያሉት ሴቶች ሳይሰሙት አርባ ዓመት አለፈ። እኔም ደግሞ አደራ ጠበቅሁ ብዬ በላዩ ላይ ቆለፍኩበት። አሁን አልጋ ላይ የዋለ በሽተኛ ይሰማዋል። ዓይኑ የደከመ ይሰማዋል፤ እንደኔ። ፊደል ያልቆጠረ ይሰማዋል። ሰምቶም እጁ ላይ ያለውን ቁልፍ ያያል። ደብተሩን ገልብጪው ልጄ፤ ለእኚህም መምህርት አንድ ስጪያቸው፤ ለተማሪዎቻቸው ‹ተገኘ› ይበሉ። ሌሎችም ሦስት ተውኔቶች ሣጥኔ ውስጥ አሉ፤ እነሱንም ነይና ውሰጂ።»

ልጅቷ ማልቀሷን እንዳናይ ማዳመጫዋን የምትፈታታ መሰለች።

«አንድ ነገር ንገሪኝ» አሉ ሽማግሌው። «እኔ ከመጋረጃው ጀርባ ሆኜ፣ በተመልካቹ ሳል ብቻ አዳራሹ ውስጥ ስንት ሰው እንዳለ እገምት ነበር። ከአምስት ሰው በላይ ተሳስቼ አላውቅም። ዛሬ ስንት ሰው ሰማን?»

«አይታወቅም ጋሼ።»

«በግምት?»

«በግምትም አይታወቅም።»

ሽማግሌው ባርኔጣቸውን አወለቁ። ከመንገዱ ግራና ቀኝ የቆሙትን ቤቶች፣ ክፍት መስኮቶቹን፣ ከዚያም ወዲያ ያሉትን ጣሪያዎች አንድ በአንድ ተመለከቱ።

«አይታወቅም» አሉ፣ በሹክሹክታ።